ስም የሚበላው ባሕር በቦኖ ወረፋ

ሃያ ሦስት ዓመት ጂኦግራፊ ሳስተምር ባሕር አይቼ አላውቅም። ይህን በኩራት አልናገርም፤ በኀፍረትም አይደለም። አገሬ ባሕር የላትም፣ ደመወዜ የአውሮፕላን ትኬት አይገዛም፣ ሐረር ደግሞ ከባሕር ቀርቶ ከወንዝም ጋር ብዙ የምትተዋወቅ ከተማ አይደለችም። ውቅያኖሶችን ሰሌዳው ላይ በሰማያዊ ጠመኔ እስላለሁ፤ ሰማያዊው ሲያልቅ፣ ሁልጊዜም ያልቃል፣ በአረንጓዴ እቀጥላለሁ። በእኔ እጅ ያለፉ ተማሪዎች የሕንድ ውቅያኖስ ሣር የበቀለበት ሜዳ ቢመስላቸው አልፈርድባቸውም። አንዲት ተማሪ አንድ ቀን እጇን አውጥታ «ቲቸር፣ እርስዎ ባሕር አይተዋል?» አለችኝ። «በሚገባ!» አልኳትና ወደሚቀጥለው ገጽ አለፍን።

ስለ ውሃ ያለኝ እውነተኛ ዕውቀት የመጣው ከመጽሐፍ ሳይሆን ከጀሪካን ነው። ከተማችንን ያጠጣ የነበረው ሐይቅ ደርቆ ከብት ሲግጥበት በዓይኔ አይቻለሁ። አሁን ሐይቁ እየተመለሰ ነው ይላሉ፤ እኛ ሰፈር ግን ገና አልደረሰም። ውሃችን ከሩቅ ቆላ በቧንቧ ይመጣል ተብለናል። የሚመጣውም መብራቱ፣ ሞተሩና ቧንቧው በአንድ ቀን ሲስማሙ ነው፤ ሦስቱ ደግሞ እንደ ተጣሉ አማቾች እምብዛም አይገናኙም። ስለዚህ አቦከር ሰፈር ውስጥ ከቤቴ ጥቂት እርምጃ ራቅ ብሎ ያለው ቦኖ፣ የሕዝብ ቧንቧው፣ ሁለተኛው መኖሪያዬ ነው።

የቦኖው ሕግ አልተጻፈም፤ ስለዚህም ይከበራል። ወረፋ የሚይዘው ሰው ሳይሆን ጀሪካን ነው። ባለቤቱ ለቅሶ ቤት ቢሆን፣ ሠርግ ቤት ቢሆን፣ አልጋው ላይ ቢሆን፣ ጀሪካኑ ከቆመ እሱም ቆሟል። መስመሩ ሲንቀሳቀስ ከኋላ ያለው ሰው የፊተኛውን ጀሪካን በእግሩ ገፋ ያደርግለታል። ቢጫ ጀሪካን ሁሉ አንድ ዓይነት ስለሆነ እያንዳንዳችን እጀታው ላይ የራሳችንን ጨርቅ እናስራለን። ከዚህ የተነሣ እኛ ሰፈር «እገሊት አለች ወይ?» ተብሎ አይጠየቅም፤ «ጀሪካኗ አለ?» ነው የሚባለው። ይህን ልብ በሉልኝ፤ ጉዳችን የመጣው ከዚህ ነው።

የቦኖው ጠባቂ የጀጎል ተወላጅ የሆኑ አዛውንት ናቸው። ሁላችንም «ሐጂ» ነው የምንላቸው። ቁልፉን በገመድ አንገታቸው ላይ አንጠልጥለው ቧንቧው አጠገብ ካለች ድንጋይ ላይ ይቀመጣሉ። አንድ ጀሪካን ተራው ሲደርስ «ባለቤት!» ብለው ይጣራሉ፤ ባለቤቱ ስሙን ጮክ ብሎ ይናገራል፤ ከዚያ በኋላ ነው ቧንቧው የሚከፈተው። ሁላችንንም ከነልጆቻችን ያውቁናል፤ ቢሆንም ይጠይቃሉ። አንድ ቀን «ሐጂ፣ እኔን በየሦስት ቀኑ ስሜን ይጠይቁኛል፤ እስከ አሁን አልያዙትም?» ብላቸው፣ «ቲቸር፣ ውሃ አማና ነው፤ የአላህ አደራ ነው። ስሙን ያልተናገረ ሰው ውሃ አይወስድም» አሉኝ።

የእህቴ ልጅ ጀሪካን ላይ የታሰረው ወርቃማ ሪባን ነበር። የምርቃቷ ቀን አንገቷ ላይ ያጠለቀችው ነው። በአካውንቲንግ ተመርቃለች። ምስክር ወረቀቷ በመስታወት ገብቶ ከቴሌቪዥኑ በላይ ተሰቅሏል፤ ከቤተሰባችን ሁሉ የተሻለ ቦታ የያዘው እሱ ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ ሥራ ስትፈልግ ከርማ ያገኘችው ቋሚ የሥራ መደብ የቦኖ ወረፋ ብቻ ሆነ። የሳምንቱን ግማሽ ጀጎል ውስጥ እናቷ ጋ ታድራለች፤ ግማሹን ደግሞ ለቦኖው ስለምቀርብ እኔ ጋ። አባቷ ከሞተ ቆይቷል። እኔ ስላልወለድኩ፣ እሷም ሁለት ቤት ስለምትበላ፣ ከእናቷ እኩል የእኔም ልጅ ናት ብዬ አስብ ነበር። እናቷ በዚህ ትስቃለች።

እህቴ ጊደር መጋላ ገበያ ቅመም ትሸጣለች፤ በርበሬ፣ እርድ፣ አብሽ። ቤቴ ስትመጣ ሰላምታዋን ማስነጠሴ ይቀድመዋል። ያን ቀን ግን ሳስነጥስ እንኳ «ይማርሽ» አላለችኝም። ወንበሩ ጫፍ ላይ ተቀምጣ፣ «ልጄ ልትሄድብኝ ነው» አለች። ከደላላ ጋር በስልክ ስታወራ ሰምታታለች። በጅቡቲ በኩል፣ ከዚያ በጀልባ፣ ከዚያ ዓረብ አገር። «አንቺ አስተማሪ ነሽ። የሰው ልጅ ስትመክሪ የኖርሽ፣ ለእኔ ልጅ አንድ ቃል ታጪያለሽ?»

ቃል አላጣሁም። ልጅቷን አስቀምጬ ትልቁን ካርታ ዘረጋሁላት። ስለ ነፋሱ ነገርኳት፣ ስለ ውሃው ጉልበት ነገርኳት፣ ለሃያ ሰው የተሠራ ጀልባ ላይ ስንት ሰው እንደሚጭኑ የሰማሁትን ነገርኳት። በትዕግሥት ሰማችኝ። ስጨርስ ጣቷን ካርታው ላይ አድርጋ ከዳር እስከ ዳር ለካችው።

«አክስቴ፣ አንድ ሴንቲሜትርም አይሞላም እኮ» አለችኝ።

ምከረው ምከረው፣ እምቢ ካለ መከራ ይምከረው ይባላል። እኔ ግን መከራውን ማስቀደም ፈለግሁ። ምክር ያልገባበት ጆሮ ተረት ሳይገባበት አይቀርም ብዬ ከዚህ የማይረባ ካርታ ይልቅ ራሴ የምፈጥረው፣ እንደ ልቤ የማከፋው ባሕር እንደሚሻል ወሰንኩ። ለእሷ ብቻ ብነግራት ስለምትነቃብኝ ለወረፋው ሁሉ ነገርኩ። ከሰዓት በኋላ ፀሐይዋ ዘወር ስትል፣ ሴቱ ሁሉ ጀሪካኑ ላይ ሲቀመጥ፣ ባሕሬን ከፈትኩ።

«ከተማዋ በግንብ የታጠረች ናት» አልኩ። የሐረር ሰው ከተማ ሲፈጥር ግንብ መርሳት አይችልም። እንደኛው አምስት በር ሰጠኋትና ስድስተኛ ጨመርኩላት። በአምስቱ በር ገበያተኛው፣ ሙሽራው፣ ቀባሪው ይገባል፣ ይወጣል። ስድስተኛው የሚከፈተው ወደ ባሕሩ ብቻ ነው፤ የወጣበት እንጂ የገባበት የለም። ባሕሩ ማለዳ ወተት ይመስላል፤ ከሰዓት በኋላ ይጠቁራል። ማዕበሉ ሲነሣ የሚሰማው የውሃ ድምፅ አይደለም፤ ሰው በስሙ ሲጠራ ነው የሚሰማው፣ ያውም በእናቱ ድምፅ። ዓሣዎቹ ጥርስ የላቸውም፤ ጆሮ ነው ያላቸው። ዳር ላይ ፊቱን የሸፈነ ጀልበኛ ቆሟል። ገንዘብ አይቀበልም። «እቤት ማን ብለው ይጠሩሻል?» ብቻ ይላል። ስሟን የነገረችው ትሳፈራለች። ጀልባው ሲሄድ እያንዳንዱ ማዕበል ከስሟ ላይ አንዳንድ ፊደል ይልሳል። ማዶ ደርሳ «ማን ነሽ?» ሲሏት አፏን ትከፍታለች፣ የሚወጣ ነገር ግን የለም። ከዚያ በኋላ ማንም የፈለገውን ስም ያወጣላታል፤ እሷም አቤት ትላለች። መድኃኒቱ አንድ ነው። ከግንቡ ወዲህ የቀረ ሰው ስሟን ጮክ ብሎ እየጠራ ማቆየት አለበት። እሱም ዝም ያለ ቀን ስሙ ለዘላለም የባሕሩ ይሆናል።

በጣም ክፉ ባሕር ነው ብዬ በራሴ ኮራሁ። ከፊቴ ያለችው ጎረቤቴ፣ ሳምቡሳ የምትሸጠው፣ አገጯን ይዛ አሰበች።

«ቲቸር፣ ውሃው ጨው ነው ወይስ የሚጠጣ?»

«ጨው የለውም።»

«ታዲያ አቦ ለምንድነው በጀሪካን የማይቀዱት?»

ይህን አላሰብኩበትም ነበር። «የቀዳ ሰው ጀሪካኑ ይጠፋል» አልኩ። ወረፋው በድንጋጤ ተንሾካሾከ። ስም ሲበላ ዝም ያሉ ሴቶች ለጀሪካን አዘኑ።

ሐጂ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ቲቸር፣ ባሕር እኔ አይቻለሁ። ወላሂ፣ በዚህ ዓይኔ። ሐጅ ስሄድ ከአውሮፕላኑ መስኮት።»

«ምን ይመስላል ሐጂ?»

«አዲስ ቆርቆሮ። ሱብሃነላህ፣ ከዳር እስከ ዳር አዲስ ቆርቆሮ።»

«ሰው በስም ሲጠራ አልሰሙም?»

«መስኮቱ አይከፈትም» አሉ።

የእህቴ ልጅ ሳቀች። ከሳቀች ሰምታለች ብዬ ደስ አለኝ። በሚቀጥለው የውሃ ቀን ሴቶቹ እኔን ጠብቀው፣ «ቲቸር፣ ከዚያስ?» አሉኝ። ሃያ ሦስት ዓመት ሳስተምር «ከዚያስ?» ብሎኝ የሚያውቅ የለም። ደወል ሲደወል ነው ተማሪዬ የሚደሰተው። ስለዚህ ቀጠልኩ፤ ስቀጥልም ባሕሩን ማሳመር ጀመርኩ። እውነቱን ልናገር፦ በየቀኑ ሰው ማስፈራራት ይሰለቻል፤ አድማጭ ደግሞ ይጠፋል። ማዶውን ሠራሁላቸው። እዚያ በየክፍሉ ቧንቧ አለ፤ አንዱ ሙቅ፣ አንዱ ቀዝቃዛ። ጣሪያ ላይ ያለው ጋን አይጎድልም። «ወረፋ የሚለው ቃል ራሱ በቋንቋቸው የለም» ስል ከመስመሩ ረጅም እፎይታ ተሰማ። ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል የሚባለውን አውቃለሁ፤ የራሴም ውሃ እንዲሁ እንደሚያደርግ ግን አልጠረጠርኩም።

የእህቴ ልጅ ጀሪካኗ ላይ ተቀምጣ፣ ሪባኑን በጣቷ እየጠቀለለች፣ ጥያቄ ነበራት።

«አክስቴ፣ ጀልበኛው ስሟን በምን ያውቃል? ሌላ ስም ብትሰጠውስ?»

አስተማሪ እንዲህ ያለ ጥያቄ ሲጠብቅ ነው የሚያረጀው። «ጎበዝ!» አልኳት፣ ክፍል ውስጥ ያለሁ መስሎኝ። «ብልህ ልጅ የሆነች እንደሆነ የውሸት ስም ትሰጠዋለች። እውነተኛውን ምላሷ ሥር ደብቃ ትሻገራለች። ባሕሩ የውሸቱን በልቶ ጠግቦ ይመለሳል።»

ሴቶቹ አጨበጨቡ። ሐጂ «ማሻ አላህ!» አሉ። የእህቴ ልጅ አላጨበጨበችም፤ ራሷን ብቻ ነቀነቀች። የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም። እኔ ግን ያን ቀን ሁለት ጀሪካን ተሸክሜ እየዘፈንኩ ነው ቤቴ የገባሁት።

ከዚያ መብራት ጠፋ። መብራቱ ሲጠፋ ሞተሩ ቆመ፣ ሞተሩ ሲቆም ውሃው ቀረ። የሁላችንም ስልክ ሞተ። የጀሪካኑ ሰልፍ ባለበት አራት ቀን ደርቆ ቆመ። እኔ ጠዋት ወደ ትምህርት ቤት ስሄድ አየዋለሁ፤ ከሰዓት በኋላ ስመለስ አየዋለሁ። ሰባተኛው ላይ ወርቃማው ሪባን በነፋሱ ይንቀሳቀሳል። ልጅቷ እናቷ ጋ ናት ብያለሁ። በሁለተኛው ቀን ይሁን በሦስተኛው እህቴ ከገበያ ስትመለስ መንገድ ላይ አገኘችኝ።

«ልጅቷ አለች?» አለችኝ።

«ጀሪካኗ አለ» አልኳት።

«ተመስገን» ብላ መንገዷን ቀጠለች። ከዚህ የበለጠ ማስረጃ እኛ ሰፈር አይጠየቅም።

በአራተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ ቧንቧው አስነጠሰና ውሃ መጣ። መስመሩ ተንቀሳቀሰ። ከእኔ ፊት የነበረውን ባለ ወርቃማ ሪባን ጀሪካን በእግሬ እየገፋሁ ቧንቧው ሥር አደረስኩት። «ባለቤት!» አሉ ሐጂ። መልስ የለም። «ባለቤት!» አሁንም የለም። «የእኛ ናት፤ አሁን ትመጣለች፣ ይሙሉላት» ብዬ ስሟን እኔ ጠራሁላት። ሞሉላት። ሙሉው ጀሪካን ድንጋይዋ አጠገብ ተቀመጠ፤ እኔም የራሴን አስሞልቼ እጠብቃት ጀመር። የመጣችው ግን እህቴ ናት።

«ልጅቷን ልውሰዳት» አለች፤ «ሚዛን የሚይዝልኝ አጥቻለሁ።»

«አንቺ ጋ አይደለችም እንዴ?»

ሁለታችንም እኩል ጀሪካኑን አየነው። አንድ ቢጫ ፕላስቲክ አራት ቀን ሙሉ እንዳታለለን የገባን በዚያች ቅጽበት ነው። ልጅቷ ጀሪካኗን ወረፋ አስይዛ፣ ሕጋችንን ከማናችንም በላይ አውቃ፣ በስድስተኛው በር ወጥታለች። እህቴ አልጮኸችም። ያን ሙሉ ጀሪካን በሁለት እጇ አቅፋ መሬት ላይ ተቀመጠች። ጩኸቱ የመጣው በኋላ ነው።

ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንደሚባለው ሆንን። መናኸሪያ ሄድን፣ ድሬዳዋ ያሉ ዘመዶች ጋ ስልክ አስደወልን፣ ጓደኞቿን አንድ በአንድ ጠየቅን። ስልኳ ዝግ ነው። በፍለጋው በሦስተኛው ቀን እህቴ ቤቴ በር ላይ ቆማ አልገባም አለች።

«አንቺ ነሽ ያሻገርሻት» አለችኝ። «ምከሪያት አልኩሽ እንጂ ለባሕሩ ዳሪያት አልኩሽ?»

መናገር ሥራዬ ነው፤ ያን ጊዜ ግን አንድ ቃል አጣሁ። በሩን ዘግቼ አለቀስኩ። በዚያ ሰሞን ሬዲዮ ጀልባ ተገለበጠ ባለ ቁጥር ሬዲዮውን ዘግቼ ደግሞ ምን አሉ ብዬ መልሼ እከፍታለሁ። ፈርቼ አውቃለሁ፤ እንደዚያ ግን አልፈራሁም። ክፍል ውስጥ የባሕር ወሽመጦች ምዕራፍ ላይ ስንደርስ ተማሪዎቼን ስለ ተራሮች አስተማርኳቸው። ተራራ ባለበት ይቆማል፤ ስም አይጠይቅም። ቦኖው ላይም «ከዚያስ?» የሚለኝ ጠፋ።

አንድ የውሃ ቀን እህቴ ሁለት ጀሪካን ይዛ መጣች። አንደኛው የራሷ ነው፣ ሁለተኛው ባለ ወርቃማ ሪባን። አጠገቤ አልቆመችም። ተረቴን ከመጀመሪያው የሥራ ፈት ወሬ ነው ስትል የነበረች ሴት ናት፤ ስለዚህ ምን እንዳሰበች አልገባኝም። ሌላም ነገር አስጨነቀኝ። ሕጋችን ለቀረ እንጂ ለሄደ ሰው አይራራም። ከተማ የለቀቀ ሰው ወረፋ የለውም። የሞተ ሰው እንኳ ጀሪካኑ ከመስመር የሚወጣው ከቀብሩ በፊት ነው፤ አዝነን ነው የምናወጣው፣ ግን እናወጣለን።

ተራዋ ደረሰ። «ባለቤት!» ሲሉ እህቴ ስሟን ተናገረች፤ ሞሉላት። ሁለተኛውን አቀረበች።

«ይሄስ? ባለቤት!»

እህቴ ቀና አለች። የልጇን ስም ከነአባቷ፣ ከነአያቷ ጠራች። እንደ መልስ አልነበረም፤ ሰው ከሩቅ እንደሚጠራ፣ ፊቷን ወደ ምሥራቅ አዙራ፣ ደረቷ እስኪነሣ ነው የጠራችው። የኔ ባሕር፣ የኔ መድኃኒት፣ የኔው ሕግ ነበር። ምንም ማድረግ የማይችል ሰው የሚይዘው ሲያጣ ተረትም ይይዛል።

ሐጂ እጃቸው ቁልፉ ላይ እንዳለ ቀሩ። እኔ ያየሁት ሳምቡሳ ሻጯን ነው፤ ምክንያቱም በግማሽ ጀሪካን ውሃ ከሰው ጋር ተናንቃ የምታውቅ ሴት ናት። አሁን ምን ልትል ነው ብዬ ተሳቀቅሁ።

«አቦ ሐጂ፣ ይክፈቱላት እንጂ!» አለች። «ጀሪካኗ አለ አይደል እንዴ?»

«አለች» አሉ ሐጂ፤ ከፈቱላት።

ከዚያ በኋላ በየውሃው ቀን እንዲሁ ሆነ። እህቴ ትጠራለች፣ ሐጂ ይከፍታሉ፣ ማንም አይቃወምም። እኔን አሁንም አታናግረኝም፤ ግን ሙሉውን ጀሪካን ተሸክሜ እስከ ጀጎል ሳደርስላት ዝም ትለኛለች። ዝምታዋ ከስድቧ ይሻል ነበር።

ከሄደች በሰባተኛው ሳምንት፣ በእረፍት ሰዓት፣ መምህራን ማረፊያ ተቀምጬ ደብተር ሳርም የማላውቀው ረጅም ቁጥር ደወለልኝ።

«አክስቴ፣ እኔ ነኝ።»

እስክሪብቶው ከእጄ ወደቀ። «ደረስሽ?»

«ደረስኩ።»

«ባሕሩስ?»

«ስለ ባሕሩ አትጠይቂኝ» አለች። እስከ ዛሬ አልጠየቅኋትም።

በሹክሹክታ፣ በፍጥነት ነበር የምታወራው። ቤቱ ስድስት ቧንቧ አለው። ቀኑን ሙሉ ወለል ታጥባለች። «ውሃው አይቆምም አክስቴ። ዘግቼው ስወጣ እንኳ ይሰማኛል።» ከዚያ «እንዳልሽው አደረግሁ» አለችኝ። «ሌላ ስም ሰጠኋቸው፤ ወረቀቴም በሱ ነው። እመቤቲቱ ደግሞ እሱ አልያዝ አለኝ ብላ ሌላ አወጣችልኝ። የራሴን ምላሴ ሥር ይዤዋለሁ። ግን እዚህ የሚጠራኝ የለም። ትናንት መታጠቢያ ቤት ገብቼ ራሴን ብጠራ፣ ሌላ ሰው የመጣ መስሎኝ ደነገጥኩ።»

ፈጥሬ ካወራሁት ነገር ሁሉ፣ ወተት ከሚመስለው ውሃ፣ ጆሮ ካላቸው ዓሣዎች፣ ፊቱን ከሸፈነው ጀልበኛ ሁሉ፣ እውነት ሆኖ የተገኘው ይህ የስሙ ነገር ብቻ ነው። በካርታ ስነግራት ያላመነችኝ ልጅ ተረቴን ቃል በቃል ፈጽማዋለች። «ይቅር በይኝ» አልኳት። አልሰማችኝም መሰለኝ፤ ወይም ሰምታ አለፈችው።

«አክስቴ» አለች፣ «ጀሪካኔ አለ?»

«አለ» አልኳት። «ዘጠነኛ ነው።»

«ዘጠነኛ? ማን ቀደመኝ?»

«ሳምቡሳ ሻጯ ናታ።»

«እሷማ ሁልጊዜ ትቀድማለች» ብላ ሳቀች፤ ሳቋ ሳያልቅ አለቀሰች። ከዚያ ሰው መጣ መሰለኝ ስልኩ ተቋረጠ።

ደብተሮቹን እዚያው ትቼ ጊደር መጋላ ሮጥኩ። በርበሬው መካከል ቆሜ ሳስነጥስ እህቴ ቀና ብላ አየችኝ። «ደርሳለች፤ በሕይወት አለች» አልኳት። ሚዛኑን አስቀመጠች። «ይማርሽ» አለችኝ፤ ከዚያ እጄን ይዛ አልለቅም አለች።

ለሐጂ ስነግራቸው ያወጡላትን ስም ጠየቁኝ። በስልኩ ነግራኝ ነበርና ነገርኳቸው። «የእናቴ ስም ነው፤ አላህ ይማራትና። ጥሩ ስም ነው» አሉ። ከዚያ ራሳቸውን ነቀነቁ። «የእሷ ግን አይደለም።»

በሚቀጥለው የውሃ ቀን ድምፅ ልቀርጽላት ስልኬን አዘጋጅቼ ቧንቧው አጠገብ ቆምኩ። ባለ ወርቃማው ሪባን ሲደርስ ሐጂ ከድንጋይዋ ተነሡ፤ ተነሥተው ሲጣሩ አይቻቸው አላውቅም። «ባለቤት!» አሉ። እህቴ ስሟን ከነአባቷ፣ ከነአያቷ ጠራች። ያኔ ከኋላ ሳምቡሳ ሻጯ ደገመችው። ከዚያ የእሷ ተከታይ። ሳላስበው መስመሩ ሁሉ የአንዲት ልጅ ስም ሲጠራ አገኘሁት፤ ግማሹ ወረፋው ዘገየ ብሎ እያጉረመረመ ነው የሚጠራው። በመጨረሻ ጀሪካኑ ውስጥ የሚወርደው ውሃ ተሰማ። እሱንም ቀረጽኩት።

«ቲቸር» አሉኝ ሐጂ፣ «ይሄ ድምፅ ባሕሩን የሚሻገር ይመስልሻል?»

«በስልክ ነው ሐጂ።»

«ኢንሻ አላህ» አሉ፣ በስልኩ ብዙም ሳይተማመኑ።

ላክሁላት። መልስ አልላከችም፤ ስልክ የሚሰጧት አልፎ አልፎ ነው። መስማቷን ግን መልእክቱ ሥር የወጣው ምልክት አሳይቶኛል። አንድ ጊዜ አይደለም የሰማችው ብዬ አምናለሁ፤ ለዚህ ማስረጃ የለኝም።

ባለፈው ሳምንት ክፍል ውስጥ ወሽመጦቹ ጋ ተመለስን። ሰማያዊው ጠመኔ አልቋል። አንድ ተማሪ ባሕር አይቼ እንደማውቅ ጠየቀኝ፣ እኔም አላየሁም አልኩት።

የእህቴን ልጅ ስም እዚህ ያልጻፍኩት ረስቼው ወይም አፍሬ አይደለም። ወረቀት ላይ የተጻፈ ስም ምን እንደሚሆን አይተናል። የእሷ ስም ውሃ በመጣ ቀን አቦከር ቦኖው ላይ ይጠራል፤ መስማት የፈለገ ጀሪካን ይዞ ይምጣ። ከእሷ ፊት ግን መቆም አይቻልም፤ ተራዋን ይዛለች።